ፓርቲው ሲሸነፍ ፈረሶቹ ያሸነፉለት ሰው

ጤና ይስጥልኝ። ጊዜ ሰጥታችሁ ስለመጣችሁ አመሰግናለሁ።

ዛሬ የማወራችሁ ስለ ኦገስት ቤልሞንት ነው። የፈረስ እሽቅድምድም የምትከታተሉ ስሙን ታውቁታላችሁ። አሜሪካ ውስጥ ሦስት ታላላቅ ውድድሮች አሉ፤ ኬንታኪ ደርቢ፣ ፕሪክነስና ቤልሞንት ስቴክስ። ሦስቱንም በአንድ ዓመት ያሸነፈ ፈረስ «ትሪፕል ክራውን» አገኘ ይባላል። ከሦስቱ በዕድሜ ትልቁ የቤልሞንቱ ነው። የተጀመረው በ1867 ነው። ዓመቶቹን፣ ወሮቹንና ቀኖቹን ሁሉ በፈረንጆች አቆጣጠር ነው የምጠቅሰው።

ውድድሩን የሚያውቅ ብዙ ነው። ሰውየውን የሚያውቅ ግን ጥቂት ነው። ሲነሳም «ሀብታም ባለባንክ ነበር፣ በትርፍ ጊዜው ፈረስ ይወድ ነበር» ተብሎ ይታለፋል። እኔ በዚህ አልስማማም። ባንኩም፣ ፖለቲካውም፣ ፈረሱም የተያዙት በአንድ ጠባይ ነው። ቤልሞንት የሚታገሥ ሰው ነበር። መዝገብ ይይዛል፣ ዘር ያጣራል፣ ዛሬ ዘርቶ ከዓመታት በኋላ ያጭዳል። ይህ ጠባይ ባንክ ላይ ሀብታም አደረገው። ፖለቲካ ላይ ብዙም አልሠራለትም። ፈረስ ላይ ደግሞ እሱ ራሱ ካለፈ በኋላ እንኳ ፍሬ አፈራ።

እስቲ መጀመሪያ ዋንጫውን እንይ። ቁመቱ ወደ 46 ሴንቲ ሜትር የሚጠጋ፣ ክዳን ያለው ጎድጓዳ የብር ዕቃ ነው። የሠራው ቲፋኒ የሚባለው የኒውዮርክ ጌጣጌጥ ቤት ነው። የቤልሞንት ቤተሰብ ለውድድሩ ቋሚ ዋንጫ እንዲሆን የሰጠው በ1926 ነው። ክዳኑ ላይ አንድ የብር ፈረስ ቆሟል። ፌንያን ይባላል። በ1869 ይህንኑ ውድድር ለራሱ ለቤልሞንት ያሸነፈለት ፈረስ ነው። ከሥር ደግሞ ሦስት ፈረሶች ዕቃውን ተሸክመውታል፤ ኤክሊፕስ፣ ሄሮድና ማቸም።

እነዚህ ሦስቱ የ18ኛው ክፍለ ዘመን የእንግሊዝ ድንጉላዎች ናቸው። ከሥር የተቀመጡት ያለ ምክንያት አይደለም። ቶሮብሬድ የምንለው የእሽቅድምድም ፈረስ የተገኘው፣ ከምሥራቅ የመጡ ድንጉላዎች ከእንግሊዝ ባዝራዎች ጋር ተዳቅለው ነው። ከመጡት መካከል የአባት መስመራቸው እስከ ዛሬ የዘለቀው የሦስቱ ብቻ ነው፤ የዳርሊ አረቢያን፣ የጎዶልፊን አረቢያንና የባየርሊ ተርክ። የኤክሊፕስ ዘር ወደ ዳርሊ ይወጣል። የማቸም ወደ ጎዶልፊን፣ የሄሮድ ወደ ባየርሊ። ዛሬ ዓለም ላይ ያለ ማንኛውም ቶሮብሬድ አባቱ፣ አያቱ፣ ቅድመ አያቱ እየተባለ ወደ ኋላ ቢቆጠር ከእነዚህ ከሦስቱ አንዱ ጋ ይደርሳል። አባትና እናቱ መዝገብ ላይ ያልሰፈሩ ፈረስ የቱንም ያህል ቢሮጥ ቶሮብሬድ አይባልም። ይህን ነገር ልብ በሉልኝ። ሲጀመር የመዝገብ ሥራ ነው። ቤልሞንት ደግሞ ከልጅነቱ ጀምሮ ያደገው መዝገብ ላይ ነው።

የተወለደው በ1813 ነው፤ አልዛይ በምትባል የጀርመን ከተማ፣ ከአይሁድ ቤተሰብ። ገና በአሥራዎቹ ዕድሜው ፍራንክፈርት የሮትሺልዶች፣ ማለትም የታወቀው የአውሮፓ ባለባንክ ቤተሰብ፣ ባንክ ገባ። የጀመረው ወለል በመጥረግና በመላላክ ነበር። ማታ ማታ ፈረንሳይኛ፣ እንግሊዝኛና ሒሳብ ያጠናል። ቀስ በቀስ አደገና ምስጢር የሚነገረው ሰው ሆነ። በ1837 የባንኩን ጉዳይ እንዲከታተል ወደ ሃቫና፣ ኩባ ተላከ። መንገዱ በኒውዮርክ በኩል ነበር።

ኒውዮርክ የደረሰው ግንቦት 14 ቀን ነው። ከአራት ቀን በፊት የከተማዋ ባንኮች ወርቅና ብር መክፈል አቁመዋል። የዓመቱ ታላቅ የገንዘብ ቀውስ ማለት ይህ ነው። ሮትሺልዶችን አሜሪካ ውስጥ ይወክል የነበረው ድርጅትም ወድቋል። አሁን አስቡት። ዕድሜው 23 ነው። አለቆቹ ያሉት ከውቅያኖስ ማዶ ነው። ደብዳቤ ለመሄድና ለመመለስ ሳምንታት ይፈጃል። ታዲያ ምን ያድርግ? ጉዞውን ሰርዞ እዚያው ቀረ። በራሱ ስም ዎል ስትሪት ላይ ቢሮ ከፈተና የሮትሺልዶችን ጥቅም ማስጠበቅ ያዘ። ሁሉም በድንጋጤ በሚሸጥበት ሰዓት እሱ የሚገዛበት የአውሮፓ ብድር ነበረው። ከጥቂት ዓመታት በኋላ ከከተማዋ ታላላቅ ባለባንኮች አንዱ ሆነ።

በግል ሕይወቱ የማልዘለው አንድ ነገር አለ። በ1841 ሜሪላንድ ውስጥ በሽጉጥ ዱዌል ገጠመ፤ ሁለት ሰዎች ተቀጣጥረው የሚታኮሱበት ፍልሚያ ማለት ነው። ታፋው ላይ ተመታ። ከዚያ በኋላ ዕድሜውን ሙሉ ያነክስ ነበር። በዓለም የታወቁ ሯጮችን ያረባው ሰው ራሱ አንካሳ ነበር ማለት ነው።

በ1849 ካሮላይን ፔሪን አገባ። አባቷ ማቲው ፔሪ ነው። ከጥቂት ዓመታት በኋላ የጦር መርከቦች ይዞ ሄዶ የጃፓንን በር ያስከፈተው የባሕር ኃይል አዛዥ። የእናቷ ወንድም ደግሞ ጆን ስላይዴል ይባላል፤ ኋላ የሉዊዚያና ሴናተር የሆነ ብርቱ ፖለቲከኛ። ቤልሞንትን ወደ ዲሞክራቲክ ፓርቲ ያስገባው እሱ ነው። ፓርቲው በ1852 ምርጫ ሲያሸንፍ ቤልሞንት በሆላንድ፣ ዘ ሄግ፣ የአሜሪካ ተወካይ ሆኖ ተሾመ። ከ1853 እስከ 1857 እዚያው ቆየ።

ሲመለስ አገሩ ለሁለት ሊሰነጠቅ ነበር። ዲሞክራቲክ ፓርቲም እንዲሁ። በ1860 የሰሜኖቹ ዲሞክራቶች ስቲቨን ዳግላስን አቀረቡ። ደቡቦቹ ተገንጥለው የራሳቸውን ሰው አቆሙ። ቤልሞንት ከዳግላስ ጎን ቆመና የፓርቲው ብሔራዊ ኮሚቴ ሊቀ መንበር ሆነ። ስላይዴል ከደቡቦቹ ጋር ሄደ። ያን ዓመት ያሸነፈው ሊንከን ነው።

የእርስ በርስ ጦርነቱ ሲፈነዳ የዝምድናው ነገር የባሰ ሆነ። ስላይዴል ኮንፌዴሬሽን የሚባለው የተገነጠሉት የደቡብ ግዛቶች መንግሥት መልእክተኛ ሆኖ ፓሪስ ገባ። ሴት ልጁን ያገባው ኤርላንገር የሚባል ባለባንክ ነው። በ1863 ለኮንፌዴሬሽኑ በጥጥ መያዣነት የ3 ሚሊዮን ፓውንድ ብድር ያሰባሰበው የዚህ ሰው ባንክ ነበር። ቤልሞንት ደግሞ በተቃራኒው ለአውሮፓ ባለባንኮችና ሹማምንት ደብዳቤ በደብዳቤ ይጽፋል። ለደቡቡ አታበድሩ፣ ዕውቅናም አትስጡ ይላል። ኒውዮርክ ውስጥም የጀርመን ስደተኞች ክፍለ ጦር እንዲቋቋም ረድቷል። አንድ ቤተሰብ፣ ሁለት ጎራ፣ በሁለቱም በኩል ባንክ። ስለዚያ ጦርነት ስናነብ ስለ ሜዳው ውጊያ ነው የሚተረክልን። የብድሩም ውጊያ ውጊያ ነበር።

ይህን ሁሉ አድርጎ ግን አልታመነም። በ1864 ፓርቲው ጄኔራል ማክሌላንን በሊንከን ላይ ሲያቀርብ የሪፐብሊካን ጋዜጦች በቤልሞንት ላይ ዘመቱ። አይሁድነቱን እያነሱ፣ የሮትሺልድ ወኪል እያሉ፣ የደቡቡን ቦንድ ይዟል እያሉ ጻፉበት። ስደተኛ ሆኖ በሰው አገር ፖለቲካ ውስጥ የገባ ሰው ይህን ነገር ያውቀዋል። የምትሠራውን ሁሉ ሠርተህ፣ በመጨረሻ የሚነሳብህ የመጣህበት ነው።

ማክሌላን ተሸነፈ። በ1868 ሆሬሺዮ ሲሞር በጄኔራል ግራንት ተሸነፈ። በ1872 ሆራስ ግሪሊም እንዲሁ። ከ1860 ጀምሮ አራት የፕሬዝዳንት ምርጫ፣ አራት ሽንፈት። ቤልሞንትም በዚያው በ1872 ሊቀ መንበርነቱን ለቀቀ።

እዚህ ላይ ሳልሸፋፍን ልናገር። ቤልሞንት የአገሩን አንድነት የደገፈው ከልቡ ነው። የባሪያ ነጻነት ታጋይ ግን አልነበረም። በ1868 እሱ የሚመራው ፓርቲ የቀሰቀሰው ነጻ የወጡ ጥቁሮች የመምረጥ መብት እንዳያገኙ ነበር። ወንበሩ ላይ የተቀመጠው እሱ ነው፤ ኃላፊነቱም የሱ ነው። ሽንፈቱን ሳነብ አላዝንለትም። ስለ ፈረሶቹ በደስታ የማወራው ይህን ረስቼ አይደለም። እንዲያውም ፈረሶቹን ስናነሳ ይኸው ጉዳይ ተመልሶ ይመጣል።

ወደ ፈረሱ እንግባ። ከጦርነቱ በፊት የአሜሪካ እሽቅድምድም የደቡብ ነገር ነበር። ፈረሶቹ የሚሮጡት በዙር ነው። በአንድ ቀን ስድስት ኪሎ ሜትር ተኩል የሚጠጋ ርቀት ደጋግመው ይሮጣሉ። ጦርነቱ የደቡቡን ጋጣዎች አራቆተ። በሰሜን ደግሞ አዲስ ገንዘብ ነበር። ሌናርድ ጀሮም የሚባል የአክሲዮን ነጋዴ፣ የዊንስተን ቸርችል የእናቱ አባት ነው፣ ዛሬ ብሮንክስ በምንለው አካባቢ ጀሮም ፓርክ የሚባል ሜዳ ሠራ። የተከፈተው መስከረም 1866 ነው። ሜዳውን የሚያስተዳድር አሜሪካን ጆኪ ክለብ የሚባል ማኅበርም ተቋቋመ። ፕሬዝዳንቱ ቤልሞንት ሆነ። ሃያ ዓመት ገደማ በዚያው ወንበር ቆየ።

እነዚህ ሰዎች የእንግሊዙን ወግ አመጡ። ፈረሱ አንዴ ብቻ ይሮጣል፤ ርቀቱ አጠር ይላል፤ የሦስት ዓመትና የሁለት ዓመት ፈረሶች የየራሳቸው ውድድር አላቸው። ይህ ቀላል ለውጥ አይደለም። ረጅሙን ርቀት ደጋግሞ የሚሮጥ ፈረስ እስኪጠነክር ዓመታት ይፈልጋል። በአዲሱ ወግ ግን ፈረሱ ቶሎ ይፈተናል። ቶሎ ከተፈተነ አርቢው የትኛዋ ባዝራ ከየትኛው ድንጉላ ጋር ጥሩ እንደምትወልድ ቶሎ ያውቃል። እርባታው በግምት መሄዱ ቀረና ስሌት ገባበት።

ሰኔ 1867 በቤልሞንት የተሰየመው ውድድር ለመጀመሪያ ጊዜ ጀሮም ፓርክ ላይ ተካሄደ። ርቀቱ 2,600 ሜትር ገደማ ነበር። ያሸነፈችው ሩትለስ የምትባል ባዝራ ናት። ሽልማቱ 1,850 ዶላር ነበር። በሦስተኛው ዓመት፣ በ1869፣ የቤልሞንት ተራ ደረሰ። ፌንያን አንደኛ ወጣ። ሁለተኛ የወጣው ግሌኔልግም የራሱ የቤልሞንት ፈረስ ነበር። ሁለቱንም ያሰለጠነው ጄኮብ ፒንከስ ይባላል። ይህ ሰው ከ12 ዓመት በኋላ አይሮኳ የሚባል ፈረስ ይዞ እንግሊዝ ሄደና የኤፕሰም ደርቢን አሸነፈ። አሜሪካ ውስጥ የተወለደ ፈረስ ያን ውድድር ሲያሸንፍ የመጀመሪያው ነበር።

የቤልሞንት የእርባታ ጣቢያ ነርሰሪ ይባላል። ሎንግ አይላንድ ላይ ባቢሎን የምትባል ቦታ ነው የነበረው። ከአንድ ሺህ ኤከር በላይ መሬት። ጋጣው፣ ግጦሹ፣ የራሱ መለማመጃ ሜዳ፣ ሁሉም እዚያው አለ። ጋላቢዎቹ የሚለብሱት ቀይና ጥቁር ቀይ ነበር። በ1880ዎቹ አጋማሽ እርባታውን ወደ ኬንታኪ፣ ሌክሲንግተን አጠገብ አዛወረው። ሌክሲንግተን አካባቢ አፈሩ ከኖራ ድንጋይ ላይ የተኛ ነው። ሣሩና ውኃው ካልሲየም አለው። ለውርንጭላ አጥንት ጥሩ ነው ይላሉ አርቢዎቹ። ቤልሞንት 70 ዓመት አልፎት ጣቢያ ነቅሎ ሌላ ቦታ ሲተክል ሳስብ ይገርመኛል። ፈረስ ማርባት ማለት ዛሬ አዳቅለህ ወደ አንድ ዓመት የሚጠጋ እርግዝና ጠብቀህ፣ ሌላ ሁለት ዓመት አሳድገህ፣ ከዚያ መሮጥ አለመሮጡን ማየት ነው። በዚያ ዕድሜ ይህን የሚጀምር ሰው ስለ ጊዜ የተለየ አስተሳሰብ አለው።

ያኔ ሴንት ብሌዝ የሚባለውን ድንጉላ ከእንግሊዝ አስመጣ። የ1883 የኤፕሰም ደርቢ አሸናፊ ነው። ከሴንት ብሌዝ ልጆች አንዱ ፖቶማክ ይባላል። እዚህ ላይ ትንሽ እንቆይ። ኒውዮርክ ውስጥ ሺፕስሄድ ቤይ በሚባል ሜዳ ፊውቸሪቲ የተባለ ውድድር ነበር፤ በዘመኑ የአሜሪካ ባለ ትልቅ ሽልማት። የሚሮጡት የሁለት ዓመት ፈረሶች ናቸው። የሚመዘገቡት ግን ሳይወለዱ፣ ባዝራዋ ሆድ ውስጥ እያሉ ነው። አርቢው ባላየው ውርንጭላ ላይ ገንዘብ ይከፍላል። ክፍያውን በየጊዜው ካልቀጠለ ይሰረዛል። ከዚህ በላይ የቤልሞንትን ጠባይ የሚገልጽ ውድድር አላውቅም። በ1890 ፖቶማክ አሸነፈ። ሽልማቱ ከ60 ሺህ ዶላር በላይ ነበር። ሁለተኛ የወጣው ማሸርም ከቤልሞንት ጋጣ ነው። በ1889ም በ1890ም በአሜሪካ ብዙ ሽልማት ያገኘ የፈረስ ባለቤት እሱ ነበር።

ፖቶማክ ላይ የተቀመጠው ማን ነበር? አንቶኒ ሃሚልተን። ጥቁር አሜሪካዊ ነው፤ የዘመኑ ጎበዝ ጋላቢ። ቀደም ሲል «ተመልሶ ይመጣል» ያልኳችሁ ይህ ነው። በዚያን ጊዜ የአሜሪካ ፈረስ ሜዳ ያለ ጥቁሮች አይታሰብም። ባልደራሱ፣ አሰልጣኙ፣ ጋላቢው ብዙ ጊዜ በባርነት የተወለደ ወይም የባሪያ ልጅ ነው። በመጀመሪያው ኬንታኪ ደርቢ፣ በ1875፣ ከ15 ጋላቢዎች 13ቱ ጥቁሮች ነበሩ። በ1870 የቤልሞንትን ውድድር ኪንግፊሸር ላይ ተቀምጦ ያሸነፈው ኤድዋርድ ብራውን በባርነት የተወለደ ልጅ ነው። ኋላ ታላቅ አሰልጣኝ ሆነ። በ1984 ስሙ በእሽቅድምድሙ የክብር መዝገብ ላይ ሰፈረ። ኪንግፊሸርንም ቤልሞንት ገዝቶ ለእርባታ አቆየው።

እንግዲህ ሁለቱን ጎን ለጎን አድርጓቸው። በምርጫ ቅስቀሳው ጥቁሩ ድምፅ እንዳይሰጥ ይሟገታሉ። በፈረሱ ላይ ግን የሀብታሙን ውድ ንብረት የሚያስረክቡት ለጥቁር እጅ ነው። ችሎታው የተደበቀ አልነበረም። በየሳምንቱ በሺህ ሰው ፊት ይታይ ነበር። ከ20ኛው ክፍለ ዘመን መባቻ ጀምሮ ጥቁር ጋላቢዎች በዘረኝነት ከሜዳው ተገፉ። ጂሚ ዊንክፊልድ በ1902 ኬንታኪ ደርቢን ካሸነፈ ወዲህ ያን ውድድር ያሸነፈ ጥቁር አሜሪካዊ ጋላቢ የለም። ስለ ቤልሞንት የሚያወራ ሰው ስለ ብራውንና ስለ ሃሚልተን ሳያወራ ቢቀር ታሪኩን ግማሽ አድርጎታል ብዬ አምናለሁ።

ኅዳር 1890 ቤልሞንት ኒውዮርክ ውስጥ የፈረስ ትርኢት በዳኝነት ሲከታተል ብርድ መታው ይባላል። ሳንባው ታመመና በዚያው ወር 24 ቀን ሞተ። ፖቶማክ ካሸነፈ ሦስት ወር እንኳ አልሞላም። ፈረሶቹ በጨረታ ተሸጡ። በ1891 ሴንት ብሌዝ ብቻውን 100 ሺህ ዶላር አወጣ። አሜሪካ ውስጥ በጨረታ እዚያ ዋጋ የደረሰ የመጀመሪያው ፈረስ ነው።

ጋጣው ተበተነ፤ ልጁ ግን ሥራውን ያዘው። እሱም ኦገስት ቤልሞንት ይባላል። ኒውዮርክ የምትኖሩ በዚህ ሰው ሥራ በየቀኑ ትጠቀማላችሁ። በ1904 የተከፈተው የመጀመሪያው የከተማዋ የምድር ውስጥ ባቡር የተሠራው እሱ በመራው ኩባንያ ነው። በዓመቱ፣ በ1905፣ ቤልሞንት ፓርክን ከፈተ። ሜዳው እንደ አዲስ ይገነባ ስለነበር የ2024 እና የ2025 ውድድሮች ሳራቶጋ በሚባል ሌላ የኒውዮርክ ግዛት ሜዳ ነው የተካሄዱት።

ልጁ ነርሰሪ የሚለውን ስም ኬንታኪ ላይ አስቀጠለ። የአባቱን የአሠራር ልማድም ያዘ። ሄስቲንግስ የሚባል ቁጡ ፈረስ ነበረው፤ በ1896 ቤልሞንት ስቴክስን አሸነፈለት። ከሄስቲንግስ ፌር ፕሌይን አገኘ። ፌር ፕሌይን ማሁባ ከምትባል ባዝራ ጋር አዳቀለ። መጋቢት 29 ቀን 1917 አንድ ቀይ ውርንጭላ ተወለደ። ያን ጊዜ አሜሪካ ወደ አንደኛው የዓለም ጦርነት ልትገባ ጥቂት ቀናት ቀርቷታል። ልጅየው ቤልሞንት 60 ዓመት አልፎት ሳለ ለውትድርና ተመዝግቦ ወደ አውሮፓ ሄደ። ሚስቱ ውርንጭላውን በባሏ ምክንያት ማን ኦ ዋር ብላ ሰየመችው። ጦርነቱ መቼ እንደሚያልቅ አይታወቅም። ስለዚህ የዓመቱን ውርንጭሎች ለመሸጥ ተወሰነ። ነሐሴ 1918 ሳራቶጋ ላይ ሳሙኤል ሪድል የሚባል ሰው ማን ኦ ዋርን በ5,000 ዶላር ገዛው።

ማን ኦ ዋር 21 ጊዜ ሮጦ 20ውን አሸነፈ። የአባት መስመሩ ወደ ማቸም ይወጣል፤ ከሦስቱ መስመሮች በቁጥር እየሳሳ የነበረውን የጎዶልፊንን ዘር አሜሪካ ውስጥ ያቆየው እሱ ነው። በ1920 ቤልሞንት ስቴክስን በ20 የፈረስ ርዝመት ቀድሞ ጨረሰ። ከሱ ጋር የተወዳደረው አንድ ፈረስ ብቻ ነበር። ሽልማቱ የሪድል ሆነ። በአርቢነት የሰፈረው ስም ኦገስት ቤልሞንት ነው።

አመሰግናለሁ። ስለ ማን ኦ ዋር ልጆችም ሆነ ስለ ጥቁር ጋላቢዎቹ መጠየቅ የምትፈልጉ ካላችሁ አሁን እንቀጥል።